ማርን የሚያበላሸው ውሃ ነው፦ ከጓሮ ቀፎ መቁረጥ፣ ማጣራትና ማስቀመጥ

የመጀመሪያውን ማር የቆረጥኩት መስቀል እንዳለፈ ነው። አደዩ ሜዳውን ቢጫ አልብሶታል፣ ንቦቹ ከጠዋት እስከ ማታ ይመላለሳሉ፣ ቀፎው ሲነሳ ድንጋይ ነው። ከዚህ በላይ ምን ይጠበቃል ብዬ አምስት ፍሬም፣ ንቦቹ የማር እንጀራቸውን የሚሠሩበትን የእንጨት ማዕቀፍ፣ አወጣሁ፤ አጣራሁት፤ ባልዲ ውስጥ ገልብጬ ክዳኑን ገጥሜ ጓዳ አስቀመጥኩት። በኅዳር አጋማሽ ጓዳው ጠጅ ቤት ጠጅ ቤት ይሸት ጀመር። ክዳኑ አብጦ ተነስቷል፤ አረፋው በባልዲው ጎን ወርዶ ወለሉን አጣብቆታል።

አማቴ ዕድሜያቸውን ሙሉ በጭቃና በእበት በተለሰነ ቀፎ ንብ ያነቡ የገጠር ሰው ናቸው። "አባባ፣ ማሩ ተበላሸብኝ" ብላቸው ሳቁ። "ማር መቼ ሆነና ይበላሻል ልጄ? ገና ሳይሆን ነው የቆረጥከው።"

ያን ጊዜ ለማጽናናት ያሉኝ መስሎኝ ነበር። ከዚያ ወዲህ ስለ ማር የተማርኩት ሁሉ ግን ዞሮ ዞሮ እሳቸው ወዳሉት ይመለሳል። ንቧ ቀንና ሌሊት የምትደክመው ውሃ ለማስወጣት ነው፤ ሰው ደግሞ ካላወቀበት፣ ከቆረጠበት ሰዓት ጀምሮ ያንኑ ውሃ መልሶ ያስገባል። መቼ ይቆረጥ፣ በምን ይጣራ፣ የት ይቀመጥ የሚሉት ጥያቄዎች መልሳቸው ከዚሁ ይቀዳል።

ማር "የሚሆነው" መቼ ነው?

ንብ ከአበባ የምትቀስመው ማር አይደለም። ኔክታር የሚባል ቀጭን ጣፋጭ ፈሳሽ ነው፤ እንደ አበባው ዓይነትና እንደ አየሩ ይለያያል እንጂ ብዙ ጊዜ ከግማሽ በላይ፣ አንዳንዴም እስከ 80 በመቶ ድረስ ውሃ ነው። ቀሳሚዋ በሆዷ ባለው የማር ከረጢት ይዛው ትመጣና ቀፎ ውስጥ ለምትጠብቃት ንብ ታቀብላታለች። እነዚያ ከአፍ ወደ አፍ እየተቀባበሉ ኢንዛይም ይቀላቅሉበታል፣ በስሱ እየዘረጉ ያናፍሱታል፣ ከዚያ በእንጀራው ቀዳዳዎች ውስጥ በትንሽ በትንሹ ያኖሩታል። በአበባ ወራት ማታ ከቀፎ አጠገብ ብትቆሙ የሚሰማችሁ የማያቋርጥ እምምታ የክንፍ ማራገቢያ ነው። እርጥቡን አየር እየገፉ ያስወጡታል። እጭ የሚያድግበት የቀፎው መሃል 35 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ገደማ ስለሚሞቅ ቀፎው ራሱ ማድረቂያ ነው ማለት ይቻላል።

ውሃው ከመቶ ወደ 18 ወይም 19 እጅ ሲወርድ ንቦቹ ቀዳዳውን በስስ ሰም ይከድኑታል። ያ ክዳን ነው ማር "ሆነ" የሚያሰኘው።

ለምን እዚያ ላይ? ምክንያቱ እርሾ ነው። እርሾ ከአበባው፣ ከአየሩ፣ ከንቧ አካል ጋር ማር ውስጥ ይገባል፤ የቱንም ያህል በንጽሕና ብትሠሩ ማር ከእርሾ ነፃ አይሆንም። ግን በደንብ የደረቀ ማር ውስጥ ያለው ስኳር እጅግ ስለሚበዛ ከእርሾው ገላ ውሃውን መጥጦ ያወጣበታል፤ እርሾው አይሞትም፣ አይሠራምም፣ እንዲሁ ይተኛል። ውሃው ከ17 በመቶ በታች ከሆነ ማሩ ለዓመታት ቢቀመጥ አይፈላም። ከ17 እስከ 20 ባለው መሃል እንደ እርሾው ብዛትና እንደ ክፍሉ ሙቀት ይወሰናል። ከ20 ካለፈ ግን የጊዜ ጉዳይ ነው። ኮዴክስ የሚባለው ዓለም አቀፍ የምግብ ደረጃም ለአብዛኛው ማር የውሃውን ጣሪያ 20 በመቶ ላይ ያደረገው ለዚህ ነው። ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. በ2008 ማር ወደ አውሮፓ ኅብረት እንዲያስገቡ ከተፈቀደላቸው አገሮች ዝርዝር ከገባች ወዲህም ላኪዎች ከአናቢው ሲረከቡ ቀድመው ከሚለኳቸው ነገሮች አንዱ ይኸው ውሃ ነው።

ጠጅ የምትጥል ሴት ይህን ሁሉ ሳትማር ታውቀዋለች። ማሩን በውሃ የምትበርዘው፣ አንድ እጅ ማር ለሦስት ወይም ለአራት እጅ ውሃ እያለች፣ ያንን የተኛ እርሾ ለመቀስቀስ ነው። የእኔ ባልዲ ያደረገውም ያንኑ ነበር፤ ልዩነቱ ማንም ሳያዘው መሆኑ ላይ ነው።

የመስቀሉ ስህተቴም አሁን ይገባችኋል። በመስከረም መጨረሻ አደዩና መጩ በሙሉ አበባ ላይ ናቸው፣ ዝናቡ ጨርሶ አልወጣም፣ አየሩ እርጥብ ነው። ንቦቹ የሚያስገቡት ከሚያደርቁት ይበልጣል። ቀፎው የከበደው በማር ብቻ ሳይሆን በውሃም ጭምር ነበር። ሦስት ሳምንት ብታገሥ ኖሮ ያው እንጀራ፣ ያው ፍሬም፣ ሌላ ነገር ይሆን ነበር።

ወሩን ሳይሆን ፍሬሙን ማየት

በደጋውና በወይና ደጋው ዋናው ቆረጣ ከጥቅምት አጋማሽ ጀምሮ በኅዳር ነው፤ ደረቁ አየር ራሱ ያግዛል። በልግ የሚዘንብበት አካባቢ ከሚያዝያ እስከ ሰኔ ባለው ጊዜ ሁለተኛ ቆረጣ ይኖራል። በደቡብ ምዕራብ ጫካ፣ በሸካና በከፋ፣ ጌተሜ የሚባለው ዛፍ የሚሰጠው ነጭ ማር የሚወርደው በሚያዝያና በግንቦት አካባቢ ነው። እነዚህ ግምት ናቸው። ዝናቡ ዘንድሮ እንደ አምና አይወጣም፤ የጎረቤት ባሕር ዛፍ ተቆርጦም ሊሆን ይችላል። ስለዚህ ከፍቶ ማየት ነው።

ፍሬሙን ብድግ አድርጉና ሁለቱንም ፊት ተመልከቱ። ከአራት ሦስት እጁ ያህል በሰም ከተከደነ ለቆረጣ ደርሷል። ያልተከደነውን ለመፈተን ፍሬሙን እንደ ትሪ አጋድሙና አንዴ ጠንከር አድርጋችሁ ነቅንቁት። ከተንጠባጠበ ገና ኔክታር ነው፤ መልሱት። ካልወረደ የተከደነው ባይሞላም ደርቋል ማለት ነው። የማር ክዳን ከእጭ ክዳን ጋር እንዳይምታታባችሁ፤ የማሩ ነጣ ያለ፣ ለጥ ያለ፣ ሲነኩት ስስ ነው፤ የእጩ ቡናማ፣ ደረቅ ያለና ወደ ላይ የነፋ ነው።

ከሁለት ወይም ከሦስት ቀፎ በላይ ካላችሁ ሪፍራክቶሜትር ግዙ እላለሁ። በእጅ የሚያዝ እንደ አጭር ቱቦ ያለ መሣሪያ ነው። በመስተዋቱ ላይ አንዲት ጠብታ ማር ትቀባላችሁ፣ ክዳኑን ትገጥማላችሁ፣ ወደ ብርሃን አዙራችሁ በዓይን ስታዩ ጥላው የቆመበት ቁጥር የውሃውን መቶኛ ይነግራችኋል። ስትገዙ ለማር የተሠራ መሆኑን አረጋግጡ፤ ለፍራፍሬ ጭማቂ የሚሸጠው መለኪያው ሌላ ነው። ይህ ዕቃ የሚያስፈልግበት ምክንያት በእርጥብ አካባቢ ንቦች አንዳንዴ ሳይደርቅም ስለሚከድኑት ነው። የሰም ክዳን ጥሩ ምስክር ነው፤ ግን አልፎ አልፎ ይዋሻል።

ስንቱን ልውሰድ የሚለው ላይ ሰው ሁሉ ያጠፋል፤ እኔም አጥፍቻለሁ። በባህላዊ ቀፎ ከአንድ ቆረጣ ከ5 እስከ 8 ኪሎ፣ በዘመናዊ ቀፎ ከ15 እስከ 20 ኪሎና ከዚያም በላይ ይገኛል ይባላል፤ ይህን የሰማ ሰው ቁጥሩን ለመድረስ ሲል የእጩን ክፍል ሳይቀር ይገለብጣል። በእኛ አገር በብዛት የተሠራጨው ዛንደር ቀፎ ከታች የእጭ ሣጥን፣ ከላይ የማር ሣጥን አለው። የእኔ ደንብ ቀላል ነው፦ የላዩ የእኔ፣ የታቹ የእነሱ። በባህላዊ ቀፎ ንቦቹ ብዙ ጊዜ እጫቸውን ከመግቢያው በኩል፣ ማራቸውን ወደ ጀርባው ስለሚያኖሩ ከኋላ ከፍቶ እጭ እስኪታይ ድረስ እንጀራውን መቁረጥና እዚያ ላይ ማቆም ነው። ከኅዳር በኋላ አበባ እየሳሳ ይሄዳል፤ ባዶ ቀፎ ውስጥ የቀረ ንብ ደግሞ ይኮበልላል። የእኛ ንብ በዚህ አይታማም፤ አንድ ቀን ጠዋት ትሄዱና ቀፎው ውስጥ የሚጠብቃችሁ ሸረሪት ይሆናል። ማሯን ጠራርጎ ወስዶ በስኳር ብርዝና በበሶ መካስ ብዙ ሰው የሚያደርገው ነው። እኔ ግን ኪሳራ ይመስለኛል፤ ለማርም ለስኳርም የሚወጣውን ብር ደምሩት።

ማታ፣ በጭስ

ጓሮ ማለት ጎረቤት ማለት ነው። ቀፎው እንደተነካ ንብ የሚባለው ያለ ነገር አይደለም። የታሰረ አህያ፣ የተዘጋበት ዶሮ፣ በሰንሰለት ያለ ውሻ መሸሽ ስለማይችል ይሞታል። ስለዚህ ከሰዓት በኋላ ለጎረቤት ንገሩ፣ እንስሳቱን አርቁ፣ ልጆች ወደ ቤት ይግቡ። ከዚያ ፀሐይ ስትጠልቅ፣ 12 ሰዓት ካለፈ በኋላ ጀምሩ። በጨለማ ንብ እየዳኸች ትወጣለች እንጂ እንደ ቀን አትበርም፤ ቀሪው ንዴቷም ሌሊቱን ይበርድላታል።

ጭስ የሚያደነዝዛቸው ይመስላቸዋል ብዙዎች። የሚሠራው በሁለት መንገድ ነው። አንደኛ፣ ንቦቹ እሳት መጣ ብለው ለመሰደድ ማር ይጎነጫሉ፤ ሆዷ የሞላ ንብ ለጠብ ትሰንፋለች። ሁለተኛ፣ አንዷ ስትነድፍ የምትረጨውን የማስጠንቀቂያ ሽታ ይሸፍነዋል። ያ ሽታ ከሙዝ ሽታ ጋር አንድ ዓይነት ኬሚካል አለበት፤ ሙዝ በልቶ ቀፎ መክፈት አይመከርም የሚባለው ከዚህ የመጣ ነው። አንዴ ከተነደፋችሁ በኋላ በዚያው ቦታ ላይ ደጋግመው የሚመጡትም ለዚሁ ነው፤ ቦታውን በጭስ አጥኑት።

ለማጨሻው ደረቅ ኩበት፣ ቆረቆንዳ ወይም ደረቅ ሣር ይበቃል። ናፍጣ የነካ ጨርቅ፣ ፕላስቲክ፣ ቀለም የተቀባ እንጨት በፍጹም። ጭሱ ነጭና ቀዝቃዛ ይሁን፤ መጀመሪያ በመግቢያው ሁለት ሦስት ጊዜ ንፉና ጥቂት ጠብቁ። ክዳኑ ከተነሳ በኋላ ግን ቆጥቡት። ማርና ሰም ሽታ ይይዛሉ፤ ገበያ ላይ ከሩቅ ጭስ ጭስ የሚለው ማር ሲቆረጥ የታጠነ ነው እንጂ ተፈጥሮው አይደለም።

የወጣውን ፍሬም ንቦቹን በለስላሳ ብሩሽ ወይም በእርጥብ ባልሆነ ሣር ጠርጋችሁ ወዲያው ክዳን ያለው ሣጥን ውስጥ ክተቱ። ክፍት ማር ለሌላ ቀፎ ንብ ግብዣ ነው፤ ዘረፋው አንዴ ከተጀመረ ደካማው ቀፎ ያልቅለታል። ንድፊያውን በጥፍር ቶሎ ፍቆ ማውጣት፤ መርዙ ከቀረው ከረጢት እየፈሰሰ ስለሚቀጥል መፍጠኑ ይሻላል። ማበጥና ማሳከክ ያለ ነው። ትንፋሽ ማጠር፣ የፊትና የጉሮሮ እብጠት፣ ራስን መሳት ግን ሌላ ነገር ነው፤ ያን ጊዜ ማሩን ጥሎ ወደ ሕክምና መሮጥ ነው።

ወለላውን ማውጣት

ማጣራቱን በዚያው ሌሊት ወይም በማግስቱ በተዘጋ ክፍል ውስጥ አድርጉት። ትኩስ ከቀፎ የወጣ ማር ይፈሳል፤ ሲበርድ ይለግማል።

ማሩን በማሽከርከር የሚያወጣ ማሽን ካለ የሰሙን ክዳን በቢላ ገሽልጦ ፍሬሞቹን ማሽከርከር ነው። ቢላውን በሙቅ ውሃ እያሞቁ መጠቀም ያቀላል፤ ግን በየጊዜው በደረቅ ጨርቅ ጥረጉት። ውሃ የሚመለስባት የመጀመሪያዋ ቀዳዳ ይህች ናት። ሁለተኛዋ የታጠበ ግን ያልደረቀ ዕቃ ነው። ሦስተኛዋ አየሩ። ማር ውሃ ይስባል፤ እርጥበቱ ከ60 በመቶ በላይ በሆነ አየር ውስጥ ክዳኑ ተከፍቶ የዋለ ማር ከአየሩ ላይ ይጠጣል። ክረምት ላይ በዝናብ ቀን ማር የሚያጣራ ሰው በስስ ዘርግቶ ለዝናብ እንደ መስጠት ነው።

ማሽኑ ውድ ነው፤ ለሁለት ቀፎ ብሎ መግዛት አያዋጣም፤ አራት አምስት አናቢ ሆኖ አንድ መግዛት ወይም ካለው መዋስ ይሻላል። ጥቅሙ ግን ከምቾት በላይ ነው። እንጀራው ሳይሰበር ስለሚቀር ለንቦቹ ይመለሳል፤ አንድ ኪሎ ሰም ለመሥራት ከ6 እስከ 8 ኪሎ ማር ያህል እንደሚበሉ ስለሚገመት የተመለሰላቸው እንጀራ የሚቀጥለው ዓመት ማር ነው።

ማሽን ለሌለው፣ እንዲሁም ለባህላዊና ለሽግግር ቀፎ (እንጀራው በሙሉ ፍሬም ሳይሆን ከላይ ከተደረደረ እንጨት ላይ ለሚንጠለጠልበት)፣ እንጀራውን መፍጨትና ማንጠብ ነው። እዚህ ላይ አንድ ነገር አጥብቄ የምናገረው አለ። እንጀራውን ከመስበራችሁ በፊት ለዩት። ነጭና የተከደነው ለብቻ፣ የአበባ ብናኝ የሞላው ለብቻ፣ እጭ ያለበት ጨርሶ ይውጣ። ሁሉን አንድ ላይ አድርጎ በእጅ መጭመቅ የለመድነው ነው፤ ከማሩ ጋር የእጭ ፈሳሽና ብናኝ ይገባል፤ ያ ደግሞ ውሃም ነው፣ ለእርሾም ስንቅ ነው። ድፍርስ ሆኖ ቶሎ የሚኮመጥጠው ማር አብዛኛው ከዚህ የመጣ ነው። የተለየውን ነጭ እንጀራ በንጹሕ ደረቅ ማንኪያ ሰባብራችሁ፣ ንጹሕ ሻሽ ላይ አድርጋችሁ፣ ሞቅ ባለ ክፍል ውስጥ ከላዩ ሸፍናችሁ አንጠልጥሉት። ሌሊቱን ይወርዳል። ሻሹን ለመጭመቅ እጃችሁ ይበላችኋል፤ ተዉት፤ የቀረው ለሰፈፍ ይሁን።

የወረደውን ወለላ በተከደነ ዕቃ ሁለት ሦስት ቀን አቆዩት። አየሩና የሰም ብናኙ አረፋ ሆኖ ላይ ይሰፍፋል። አረፋውን ገፍፎ ከሥር ባለ ቧንቧ መቅዳት ነው፤ ቧንቧ ያለው ባልዲ ለዚህ ያህል ያዋጣል።

ዕቃው

ማር ኮምጣጣነቱ በጣፋጩ ተሸፍኖ ነው እንጂ አሲድ አለው፤ ስለዚህ ብረት፣ መዳብና የተነከረ ቆርቆሮ ይበላዋል፣ ጣዕሙንም ቀለሙንም ያጠፋዋል። ብርጭቆ፣ ለምግብ የተሠራ ፕላስቲክ፣ የማይዝግ ብረት ይሁን። የዘይት፣ የኬሮሲን ወይም የመድኃኒት ጀሪካን የቱንም ያህል ቢታጠብ ማር አይገባበትም። ጋንና ማሰሮ የአያቶቻችን ዕቃ ነው፤ ለጠጅ ለሚውል ማር እኔም እጠቀምበታለሁ። ለሚበላ ማር ግን አልመርጠውም፤ ሸክላ ይተነፍሳል፣ የቀድሞውንም ሽታ አይለቅም።

እስከ አፉ ሙሉት። ከላይ የቀረው አየር እርጥበት ይዞ ይቀመጣል። ማር ከውሃ ስለሚከብድ አንድ ሊትሩ 1.4 ኪሎ ያህል ይመዝናል፤ 20 ሊትር ጀሪካን ወደ 28 ኪሎ ይይዛል ማለት ነው። ይህን ቁጥር ያዙት፤ በሊትር ገዝቶ በኪሎ የሚሸጥ ነጋዴ ከእናንተ በላይ ያውቀዋል።

ቦታው ጨለማ፣ ደረቅና ቀዝቀዝ ያለ ይሁን። ምድጃ አጠገብ፣ ፀሐይ በሚገባበት መስኮት ሥር፣ ከነጭ ሽንኩርትና ከበርበሬ ጎን አይቀመጥም። ሙቀት ማሩን በአንድ ቀን አይገድለውም፤ ግን ስኳሩ ቀስ በቀስ ኤችኤምኤፍ ወደሚባል ነገር ይለወጣል፤ ላቦራቶሪዎች ማር እንደሞቀ ወይም እንዳረጀ የሚያውቁት በእሱ ነው። ኮዴክስ በኪሎ እስከ 40 ሚሊ ግራም፣ ከሞቃት አገሮች ለሚመጣ ማር እስከ 80 ይፈቅዳል።

"ስኳር አለበት" ስለሚባለው የረጋ ማር

በየዓመቱ ታኅሣሥ ላይ ስልኬ ይጮኻል። "የሰጠኸን ማር ስኳር ሆነ።" አይደለም፤ ረጋ። ማር ውስጥ ሁለት ዋና ስኳሮች አሉ፤ ግሉኮስና ፍሩክቶስ። ግሉኮስ የበዛበት ማር ቶሎ ይረጋል፤ የኑግ፣ የመጭና የአደይ ቢጫ ማር ሳምንታት አይፈጅበትም። የሚፈጥነው ደግሞ 14 ዲግሪ ገደማ ላይ ነው፤ የአዲስ አበባ የታኅሣሥ ጓዳ በሉት። የትግራዩ ነጭ ማር፣ ተበብ ከሚባለው አበባ የሚመጣው፣ የሚታወቀውና የሚወደደው እንደረጋ ነው። የግራዋና የብሳና ማር ደግሞ ጠቆር ይላል፣ መረር ይላል፤ እሱም አልተበላሸም።

የቤት ውስጥ ፈተናዎቻችንም እዚሁ ላይ ይነሱ። ክብሪት ማር ውስጥ ነክሮ መጫር፣ ማሩን ውሃ ውስጥ አንጠብጥቦ መበተኑን ማየት፣ በጣት ጠብታውን ማቆም፦ እነዚህ ሁሉ የሚለኩት ውፍረትን፣ ማለትም ያንኑ ውሃ ነው። በደንብ የተነጠረ የስኳር ሽሮፕ ክብሪቱን ያልፋል፤ ንጹሕ ግን እርጥብ ማር ይወድቃል። ስኳር መጨመሩን በእርግጠኝነት የሚለየው ላቦራቶሪ ነው፤ ከዚያ በመለስ ያለው መተማመኛ የቆራጩን ቀፎ ማወቅ ነው።

የረጋውን ለማፍሰስ እሳት ላይ አትጣዱት። ማሰሮ ውሃ አሙቁ፣ እጃችሁን ከትታችሁ መቆየት የምትችሉበት ሙቀት፣ ከ40 ዲግሪ ያልበለጠ፤ ብርጭቆውን ክዳኑ እንደተገጠመ አስቀምጡት፣ ሲበርድ ውሃውን ቀይሩ። ይዘገያል። ይዘግይ።

አንድ ጥንቃቄ ግን አለ። ግሉኮሱ ሲረጋ ይዞት የነበረውን ውሃ ስለሚለቅ ያልረጋው ክፍል እርጥበቱ ይጨምራል። ከሥር ጠጣር፣ ከላይ ቀጭን ወለላ ሆኖ የተከፈለ ማር ካያችሁ ከላይ ያለው ቀድሞ ይፈላል። ቶሎ ተጠቀሙበት። አረፋ፣ የእርሾ ሽታ፣ ያበጠ ክዳን ከታየ ደግሞ ለዳቦ አይሆንም፤ ጌሾ ፈልጉ። ያ የመጀመሪያው ባልዲዬ ለገና ጠጅ ሆኖ ወጣ። አማቴ ሁለት ብርሌ ጠጥተው "ይኼን ጊዜስ አውቀህ ነው የቆረጥከው" አሉኝ።

ለሕፃን

ዕድሜው ዓመት ላልሞላው ሕፃን ማር አይቀመስም፤ በጣት ጫፍም ቢሆን። ማር ውስጥ ቦቱሊዝም የሚያመጣው ባክቴሪያ ዘር ሊኖር ይችላል። ለአዋቂና ለትልቅ ልጅ አንጀት ምንም አያደርግም፤ የሕፃኑ አንጀት ግን ገና ስላልጠነከረ እዚያ አድጎ መርዝ ያመነጫል፤ ጡንቻ ያዝላል፣ ትንፋሽ ያቆማል። ማፍላትም ዘሩን አይገድለውም። የማሩ ጥራት አያድንም፤ የእኔንም የማንንም ማር ይመለከታል።

የቀረው ሰም

ከሻሹ የቀረውን ሰፈፍ አትጣሉት። መጀመሪያ በጥቂት ውሃ አጥባችሁ ጣፋጩን ለብርዝ ወይም ለጠጅ አውሉት፤ ከዚያ ሰሙን በጆንያ ቁራጭ ቋጥራችሁ ውሃ ባለበት ድስት ውስጥ ድንጋይ ጭናችሁ አሙቁት። ሰም ከ62 እስከ 64 ዲግሪ ላይ ይቀልጣልና ውሃው መንተክተክ የለበትም። ሰሙን ውሃ ሳይጨምሩ ቀጥታ እሳት ላይ መጣድ ግን ቤት ያቃጥላል። ንጹሑ ሰም በጆንያው ሾልኮ ላይ ይንሳፈፋል፤ ሌሊቱን ሲበርድ እንደ ቂጣ ተነስቶ ይወጣል። ከሥሩ የተጣበቀውን ጥቁር በቢላ ፋቁት። እንጀራው ተሰብሮ ከሚጣራ ማር ሰሙ ከመቶ እስከ 8 ወይም 10 እጅ ይደርሳል፤ ከማሽን የሚገኘው የክዳኑ ሰም ብቻ ስለሆነ ከ2 አይበልጥም።

ባዶ ፍሬሞቹን በማግስቱ ምሽት ለቀፎው መልሱ፤ ንቦቹ የቀረውን ልሰው ያጸዱታል። ትርፍ ካለ ብርሃንና ነፋስ በሚያገኝበት ቦታ አራርቃችሁ ስቀሉት፤ በጨለማ ከተከማቸ የሰም ብል በሁለት ወር ውስጥ ድር አድርጎት ያገኛችሁታል። የሰሙን ቂጣ እኔ ለጧፍ ሠሪ እሸጠዋለሁ፤ የፋሲካ ሰሞን ዋጋው ይሻላል።